ምሽት በዋይትቻፕል፦ የ1888ቱን የግድያ ስፍራዎች ከአስጎብኚ ጋር በእግር ለማየት

በምሥራቅ ለንደን፣ ኦልድጌት ኢስት በሚባለው የባቡር ጣቢያ መውጫ ላይ፣ ምሽት ሲሆን ሃያ ሠላሳ ሰው ተሰብስቦ ቆሞ ይታያል። የሚጠብቁት አስጎብኚ ነው። አስጎብኚው «ጃክ ዘ ሪፐር» የሚል ስም የወጣለትን፣ ማንነቱ እስከ ዛሬ ያልታወቀውን ነፍሰ ገዳይ ታሪክ እየተረከ ለሁለት ሰዓት ያህል በሰፈሩ ይዟቸው ይዞራል። ይህ መመሪያ ጉብኝቱን ለማድረግ ላሰበ ሰው የተዘጋጀ ነው።

አንድ ነገር ከወዲሁ ይታወቅ፦ በዓይን የሚታይ ነገር ጥቂት ነው። የግድያዎቹ ቤቶችና ግቢዎች ፈርሰዋል፤ አንዱ መንገድ እንዲያውም ከነስሙ ጠፍቷል። ያልፈረሰው ርቀቱ ነው። ከአንዱ ጥግ እስከ ሌላው ጥግ በእግር ስንት ደቂቃ እንደሚወስድ ዛሬም መለካት ይቻላል፤ የዚህ ጉዳይ ትልልቅ ጥያቄዎች ደግሞ የደቂቃ ጥያቄዎች ናቸው። ስለዚህ ለማየት ሳይሆን ለመለካት ተዘጋጅተው ይሂዱ። ለማየት ብቻ የሄደ ሰው የመሥሪያ ቤት ሕንፃ አይቶ ይመለሳል።

እዚህ ያሉት ቀናትና ሰዓቶች በሙሉ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፤ ቲኬቱም አስጎብኚውም የሚናገሩት በዚያው ነው። 19:00 ማለት በእኛ ከምሽቱ 1 ሰዓት፣ ሌሊት 1:45 ማለት ደግሞ ከሌሊቱ 7 ሰዓት ከ45 ነው። «ሰቨን» ሲሉት ሰባት ብሎ የያዘ ሰው ስድስት ሰዓት ቀድሞ ይደርሳል።

1. ጨለማ ያለበትን ወር ይምረጡ

«የምሽት ጉብኝት» የሚለው ስም ጨለማ አለ ማለት አይደለም። ጁን መጨረሻ ላይ የለንደን ፀሐይ የምትጠልቀው 21:20 ገደማ ነው፤ 19:00 ላይ የሚጀምር ጉብኝት ፀሐይ ሳትጠልቅ ያልቃል። ሴፕቴምበር መጨረሻ ላይ 18:45 አካባቢ ትጠልቃለች። ዲሴምበር አጋማሽ ላይ ግን 16:00 እንኳ ሳይሞላ ይመሻል። ምርጡ ጊዜ ከኦክቶበር እስከ ማርች መጀመሪያ ነው። ቀኑ ረጅም በሆነበት ወቅት መሄድ ግዴታ ከሆነብዎ፣ በዕለቱ ካሉት ጉብኝቶች መጨረሻ ላይ የሚነሣውን ይያዙ።

ከሳምንቱ ቀናት ሰኞ፣ ማክሰኞና ረቡዕ ይሻላሉ። ዓርብና ቅዳሜ ማታ ስፒታልፊልድስና ብሪክ ሌን የመጠጥ ቤት ሰፈር ናቸው፤ አስጎብኚው ከሰካራም ጩኸት ጋር ሲታገል ያመሻል፣ ጠባብ መንገዶቹም በሌሎች ቡድኖች ይዘጋሉ። ሦስት ቡድን በአንድ ጊዜ አንድ ጥግ ላይ ሲገናኝ፣ የእርስዎ አስጎብኚ ተራ ላለመጠበቅ ቦታውን በሩቁ ጠቁሞ ያልፋል።

2. አስጎብኚውን ይምረጡ

እንግሊዝ ውስጥ አስጎብኚ ለመሆን የመንግሥት ፈቃድ አያስፈልግም። ማንም ሰው ጥቁር ካባ ለብሶ፣ ፋኖስ ይዞ ሥራ መጀመር ይችላል፤ ብዙዎችም ያንኑ ያደርጋሉ። ተምረውና ተፈትነው ብሉ ባጅ የሚባለውን ምልክት ያገኙ አስጎብኚዎች አሉ፤ ምልክቱ ቢያንስ ሰውየው ለንደንን እንደሚያውቅ ይነግርዎታል። ይህን ጉዳይ ማወቁን ግን ራስዎ ማጣራት አለብዎት።

ከመክፈልዎ በፊት በኢሜይል ወይም በስልክ አራት ነገር ይጠይቁ። አንደኛ፣ በአንድ ቡድን ቢበዛ ስንት ሰው ይኖራል? ከ25 በላይ ከሆነ ከኋላ ያለው ሰው ግማሹን አይሰማም፤ ትልልቅ ቡድን የሚይዙት ድርጅቶች በጆሮ የሚሰካ መቀበያ ይሰጡ እንደሆነም ይጠይቁ። ሁለተኛ፣ ማይተር ስኩዌርና ጎልስተን ስትሪት ውስጥ ይገባል ወይ? እነዚህ ሁለቱ የሌሉበት ጉብኝት ገንዘብ አያወጣም፤ ምክንያቱን ከታች ያገኙታል። ሦስተኛ፣ የሚያልቀው የት ነው? ብዙዎቹ ከተነሡበት ቦታ አይመለሱም፤ ስፒታልፊልድስ ላይ ካለቀ ቅርቡ ትልቅ ጣቢያ ሊቨርፑል ስትሪት ነው። አራተኛ፣ የሬሳ ፎቶግራፍ ያሳያሉ ወይ? አንዳንዶቹ በእጅ በሚያዝ ትንሽ ፕሮጀክተር ግድግዳ ላይ ያበሩታል። ልጅ ይዘው የሚሄዱ ከሆነ ይህን ሳይጠይቁ ቲኬት አይቁረጡ፤ ከ14 ዓመት በታች ላለ ልጅ ጉብኝቱን ራሱን አንመክርም።

ዋጋው በአብዛኛው ለአንድ ሰው ከ15 እስከ 20 ፓውንድ አካባቢ ነው። «ነፃ» የሚባሉም አሉ፤ እነሱ የሚኖሩት መጨረሻ ላይ በሚሰጥ ጉርሻ ስለሆነ ነፃ ብለው አይቁጠሩት። የጉርሻ ጉብኝት ችግሩ ሌላ ነው፦ ገቢው በሰው ብዛትና በጭብጨባ የሚወሰን አስጎብኚ፣ ከእውነቱ ይልቅ የሚያስደነግጠውን መርጦ ይናገራል።

3. ቤት ውስጥ አንድ ሰዓት ያጥኑ

የእንግሊዝኛ ትረካ በመንገድ ጩኸት መሀል ሲፈጥን፣ መጀመሪያ የሚያመልጠው ስም ነው። ስሞቹን አስቀድሞ የሚያውቅ ሰው የቀረውን ከዐውዱ ይይዛል። የትርጉም አፕሊኬሽን ላይ አይተማመኑ፤ ከመኪና ድምፅ ጋር የአስጎብኚውን ድምፅ መለየት ይቸግረዋል፣ የድሮ የመንገድ ስሞችንም ያበላሻቸዋል። የሟቾቹን ስም፣ ዕድሜ፣ ቀንና ቦታ በወረቀት ላይ እንዲህ ጽፈው ይያዙ፦

ሜሪ አን ኒኮልስ፣ 43 ዓመት። ኦገስት 31 ቀን 1888። ባክስ ሮው፤ ዛሬ ደርዋርድ ስትሪት።

አኒ ቻፕማን፣ 47 ዓመት። ሴፕቴምበር 8። ሀንበሪ ስትሪት፣ የ29 ቁጥር ቤት ጓሮ።

ኤልዛቤት ስትራይድ፣ 44 ዓመት። ሴፕቴምበር 30። በርነር ስትሪት፤ ዛሬ ሄንሪክስ ስትሪት።

ካትሪን ኤዶውስ፣ 46 ዓመት። በዚያው ሌሊት፣ ሰዓት እንኳ ሳይሞላ። ማይተር ስኩዌር።

ሜሪ ጄን ኬሊ፣ 25 ዓመት ገደማ። ኖቬምበር 9። ዶርሴት ስትሪት፣ ሚለርስ ኮርት 13 ቁጥር፤ መንገዱ ዛሬ የለም።

«አምስቱ» የሚለው ቁጥር ራሱ የአንድ ሰው አስተያየት መሆኑን ልብ ይበሉ። በ1894 ሰር ሜልቪል ማክናተን የተባለ የፖሊስ ሹም በጻፈው ማስታወሻ ላይ ሟቾቹ አምስት ብቻ ናቸው ብሎ ወሰነ፤ ሦስት ተጠርጣሪዎችንም ጠቀሰ፦ ድሩዊት፣ ኮስሚንስኪና ኦስትሮግ። የፖሊስ መዝገቡ ግን ከኤፕሪል 1888 እስከ ፌብሩዋሪ 1891 ድረስ 11 ግድያዎችን ይዟል። ቁጥሩን አምስት ብሎ ሲጀምር ከየት እንደመጣ የሚናገር አስጎብኚ ካጋጠመዎት ዕድለኛ ነዎት።

ሁለት የተለያዩ የፖሊስ መሥሪያ ቤቶች እንደነበሩም ይያዙ። ማይተር ስኩዌር ያለው ሲቲ ኦፍ ለንደን በሚባለው፣ የራሱ ፖሊስ ባለው ክልል ውስጥ ነው። የቀሩት አራቱ የሜትሮፖሊታን ፖሊስ ክልል ናቸው። ይህ ባይገባዎት የሴፕቴምበር 30 ሌሊት ታሪክ ትርጉም አይሰጥም።

4. ልብስና ዕቃ

በሁለት ሰዓት ውስጥ የሚሄዱት መንገድ ከ2 እስከ 3 ኪሎ ሜትር ቢሆን ነው። የቀረው ጊዜ መቆም ነው፦ ስምንት፣ አሥር ቦታ ላይ፣ በያንዳንዱ ከሰባት እስከ አሥራ ሁለት ደቂቃ። ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው፤ «በእግር ስሄድ ይሞቀኛል» ብሎ ቀለል አድርጎ ይለብስና ከአራተኛው ቦታ በኋላ ጆሮው መስማት ያቆማል፣ ሐሳቡ ሁሉ እግሩ ላይ ነው። ለእግር ጉዞ ከሚለብሱት አንድ ድርብ ይጨምሩ፤ ካልሲው ወፍራም ይሁን። ጫማው ጠፍጣፋና የማያንሸራትት መሆን አለበት፣ ጠባቦቹ መንገዶች ኮብልስቶን ናቸው፣ ሲዘንብባቸው ያዳልጣሉ።

ጉብኝቱ በዝናብ አይቀርም። ጃንጥላ ግን አይያዙ፤ ሃያ ሰው ጃንጥላ ሲዘረጋ አስጎብኚው አይታይም፣ የዝናቡም ድምፅ ንግግሩን ይውጠዋል። ቆብ ያለው የዝናብ ጃኬት ይሻላል።

ስልክዎን ሙሉ ቻርጅ አድርገው ይምጡ፤ ሰዓት የሚቆጥረውን ስቶፕዎች ይፈልጉታል። ግን የእግረኛ መንገዱ ጠርዝ ላይ ቆመው በእጅዎ አይያዙት፤ ለንደን ውስጥ በብስክሌትና በሞተር እያለፉ ስልክ የሚመነትፉ አሉ፣ የጨለማ ጉብኝት ቡድን ደግሞ ለእነሱ የተመቸ ነው። ማየት ሲፈልጉ ወደ ግድግዳው ጠጋ ይበሉ። መጸዳጃ ቤት ከመነሣትዎ በፊት ይጨርሱ፤ መሀል ላይ ቡድኑን ጥሎ መጠጥ ቤት የገባ ሰው መልሶ ላያገኘው ይችላል።

5. የሚቀሩትን ሁለት ቦታዎች አስቀድመው ራስዎ ይዩ

አምስቱንም ስፍራ እናያለን ብለው የሚመጡ ሰዎች ይከፋቸዋል። አብዛኞቹ ጉብኝቶች ደርዋርድ ስትሪትና ሄንሪክስ ስትሪት አይደርሱም፣ ከቀሩት ይርቃሉና። መፍትሔው ቀላል ነው፦ በዚያው ቀን፣ ከጉብኝቱ አንድ ሰዓት ተኩል ቀደም ብለው ዋይትቻፕል ጣቢያ ይውረዱ።

ደርዋርድ ስትሪት ከጣቢያው ጀርባ ነው። በዚያ ዘመን የነበረው ትልቁ የትምህርት ቤት ሕንፃ ዛሬም አለ፣ መኖሪያ ቤት ሆኗል፤ ለቦታው አቅጣጫ መያዣ ያደርጉታል። ሜሪ አን ኒኮልስን ሌሊት 3:40 ገደማ ያገኛት ወደ ሥራው ሲሄድ የነበረ የጋሪ ነጂ ነበር። ከዚያ ወደ ደቡብ ምዕራብ፣ ኮሜርሻል ሮድን ተሻግረው ሄንሪክስ ስትሪት ይሂዱ፤ ሩብ ሰዓት ያህል ነው። ስትራይድ የተገኘችበት ግቢ ዛሬ የትምህርት ቤት ቅጥር ውስጥ ነው። የልጆች ትምህርት ቤት ስለሆነ ፎቶ ማንሣቱን ይተዉት፤ ቦታውን ብቻ ይያዙ። ከዚህ ወደ ኦልድጌት ኢስት አሥር ደቂቃ ቢወስድብዎ ነው።

ሄንሪክስ ስትሪት ላይ ስቶፕዎቹን ያስነሡና ወደ ማይተር ስኩዌር ይለኩ። ከአንድ ኪሎ ሜትር ብዙም አይበልጥም፤ ፈጠን ብሎ ለሚሄድ 12፣ ቀስ ላለ 15 ደቂቃ ነው። ስትራይድ የተገኘችው 1:00 ላይ፣ ኤዶውስ የተገኘችው 1:45 ላይ ነው። አስጎብኚው «አንድ ሰው ሁለቱንም ቦታ ሊደርስ ይችል ነበር ወይ?» ብሎ ሲጠይቅ መልሱ እግርዎ ውስጥ አለ።

6. መነሻው ላይ

15 ደቂቃ ቀድመው ይድረሱ። ኦልድጌትና ኦልድጌት ኢስት ሁለት የተለያዩ ጣቢያዎች ናቸው፤ በዚህ ስህተት ብቻ ጉብኝት የሚያመልጣቸው አሉ። ኦልድጌት ኢስት መውጫው ብዙ ስለሆነ ቲኬቱ ላይ ያለውን የመውጫ ቁጥር ይያዙ። አንዳንዶቹ የሚነሡት ከታወር ሂል ነው። በተመሳሳይ ሰዓት ሦስት አራት ድርጅት አንድ መውጫ ላይ ስለሚሰበሰብ፣ የአስጎብኚውን ስም ጠርተው ሳያረጋግጡ አይሰለፉ።

ሲሄዱ ከፊት ካሉት አምስት ሰዎች መሀል ይሁኑ። አስጎብኚዎች የመጨረሻው ሰው እስኪደርስ አይጠብቁም፤ ከኋላ የሚጎተት ሰው የእያንዳንዱን ቦታ የመጀመሪያ ሁለት ዐረፍተ ነገር ያጣል፣ ስሙና ቀኑ ያለውም እዚያ ነው። ሲቆሙ ደግሞ አስጎብኚው ጀርባውን ለግድግዳ ከሰጠ ከፊቱ ሁለተኛ ረድፍ ላይ ይቁሙ። ዋይትቻፕል ሃይ ስትሪትና ኮሜርሻል ስትሪት ላይ አውቶቡስ ሲያልፍ የሚሰማው የፊቱ ሰው ብቻ ነው።

7. በየቦታው ምን ይመለከታሉ

ቅደም ተከተሉ ከአስጎብኚ አስጎብኚ ይለያያል፤ በጊዜ ቅደም ተከተል የሚሄድ የለም ማለት ይቻላል፣ መንገዱ አይፈቅድም። ለዚህ ነው የቀኖቹ ዝርዝር በኪስዎ መሆን ያለበት።

ጋንቶርፕ ስትሪት። ከዋይትቻፕል ሃይ ስትሪት፣ ዋይት ሃርት ከሚባለው መጠጥ ቤት ጎን ባለው ቅስት ሥር የሚገቡበት ሰርጥ ነው። የዱሮ ስሙ ጆርጅ ያርድ። ኦገስት 7 ቀን 1888 ማርታ ታብራም 39 ጊዜ ተወግታ የሞተችበት ሕንፃ እዚህ ነበር፤ ከ«አምስቱ» አትቆጠርም፣ ከ11ዱ ግን አለችበት። ሕንፃው የለም። ሰርጡ ግን ስፋቱ ያው ስለሆነ፣ የያኔውን ሰፈር ጠባብነት ለመገመት ከዚህ የተሻለ ቦታ አያገኙም። እጅዎን ዘርግተው ይሞክሩት።

ማይተር ስኩዌር። እዚህ ትንሽ ይቆዩ፤ አስጎብኚው ቢቸኩልም በጥያቄ ያቆዩት። ዙሪያው አዲስ ሕንፃ ነው፣ አደባባዩ ግን በቦታው አለ። ነገሩ እንዲህ ነው፦ ካትሪን ኤዶውስ ሰክራ ታስራ ነበር፤ ከቢሾፕስጌት ፖሊስ ጣቢያ የተለቀቀችው 1:00 ገደማ ነው። ኮንስታብል ኤድዋርድ ዋትኪንስ በጥበቃ ዙሩ 1:30 ላይ በአደባባዩ አልፏል፣ ምንም አላየም። 1:35 ላይ ጆሴፍ ላወንድ የተባለ ሰው ከሁለት ጓደኞቹ ጋር ሲያልፍ፣ ወደ አደባባዩ በሚያስገባው መተላለፊያ አፍ ላይ አንዲት ሴትና አንድ ወንድ ቆመው አየ። 1:40 አካባቢ ሌላ ኮንስታብል በዚያው መተላለፊያ እስከ አደባባዩ ጫፍ መጥቶ ተመለሰ፤ ምንም አላየሁም አለ። ዋትኪንስ ዙሩን ጨርሶ ሲመለስ፣ 1:45 ገደማ፣ በጨለማው ማዕዘን ሬሳ አገኘ።

ላወንድ ያያት ኤዶውስ ከነበረች፣ ሁሉም ነገር የተፈጸመው በአሥር ደቂቃ ውስጥ ነው። መተላለፊያው ዛሬም አለ፣ ስሙ ሴንት ጄምስስ ፓሴጅ ነው። አፉ ላይ ቆመው ወደ ማዕዘኑ ይመልከቱ። ከዚያ አስጎብኚውን «ሁለተኛው ፖሊስ ከየት ቆሞ ነው የተመለከተው?» ብለው ይጠይቁ። ጉዳዩን የሚያውቅ አስጎብኚ ዓይኑ ይበራል፤ የማያውቅ ስለ ጭጋግ ማውራት ይጀምራል።

ስለ ጭጋግ ካነሣን፣ ግድያዎቹ የተፈጸሙባቸው ሌሊቶች ጭጋጋማ አልነበሩም፤ ጭጋጉ የመጣው ከመድረክና ከፊልም ነው። ረጅሙ ባርኔጣና ካባም እንደዚሁ። ላወንድ ያየው ሰው ከፊቱ ክንፍ ያለው የጨርቅ ቆብ ያደረገ፣ መርከበኛ የሚመስል ነበር። አስጎብኚዎ ራሱ ባርኔጣውን አድርጎ ቢመጣ አይፍረዱበት፤ ባርኔጣው የገዳዩ ነው ብሎ ቢነግርዎ ግን ይፍረዱበት።

ጎልስተን ስትሪት። በዚያው ሌሊት 2:55 ላይ ኮንስታብል አልፍሬድ ሎንግ እዚህ ካለ የመኖሪያ ሕንፃ መግቢያ ላይ በደም የራሰ የሽርጥ ቁራጭ አገኘ፤ ከኤዶውስ ሽርጥ የተቀደደ ነበር። ከቁራጩ በላይ ግድግዳው ላይ አይሁዶችን የሚጠቅስ የጠመኔ ጽሑፍ ነበር። ሕንፃው ዛሬም ቆሟል፤ መግቢያው የነበረው ቦታ የምግብ መሸጫ ሆኗል። የሲቲ ፖሊሶች ፎቶ ይነሣ አሉ። የሜትሮፖሊታን ፖሊስ ኮሚሽነር ሰር ቻርልስ ዋረን ግን፣ ሰው ከቤቱ ሲወጣ ጽሑፉን አይቶ በሰፈሩ አይሁዶች ላይ እንዳይነሣ ፈርቶ፣ ሳይነጋ አስጠረገው። ፎቶ የለም። የቀሩት ሰዎች በየማስታወሻቸው የገለበጧቸው ቃላት ናቸው፣ እነሱም እርስ በርስ አይስማሙም። ስለዚህ አስጎብኚው ጽሑፉን «ቃል በቃል» ሲያነብልዎ ከየትኛው ግልባጭ እንደሆነ መጠየቅ ተገቢ ነው። ገዳዩ ይጻፈው ወይስ አስቀድሞ እዚያ የነበረ ይሁን፣ ማረጋገጫ የለም።

ሀንበሪ ስትሪት። የ29 ቁጥር ቤት ያለበት ወገን ፈርሶ የቢራ ፋብሪካ ሕንፃ ተሠርቶበታል። ጀርባዎን ለፋብሪካው ሰጥተው ተቃራኒውን ወገን ይመልከቱ፤ የቀሩት የድሮ ቤቶች 29 ቁጥር ምን ይመስል እንደነበር ያሳያሉ። ቤቱ ውስጥ 17 ሰው ይኖር ነበር፣ ማንም ድምፅ ሰማሁ አላለም። የዚህ ቦታ ክርክር የሰዓት ነው፦ ሐኪሙ ቻፕማን የሞተችው 4:30 ወይም ከዚያ በፊት ነው አለ። የአንዲት ነዋሪ ልጅ ግን 5 ሰዓት ሊሆን ጥቂት ሲቀረው የጓሮው ደረጃ ላይ ተቀምጦ የጫማውን ቆዳ ሲቆርጥ ምንም አላየም፤ ሌላ ምስክር ደግሞ 5:30 ላይ ከቤቱ ፊት ቆማ አየኋት አለች። ሐኪሙን ካመኑ ግድያው በጨለማ፣ ምስክሮቹን ካመኑ ጎሕ ሲቀድ ነው። ጥሩ አስጎብኚ ሁለቱንም ይነግርዎታል።

ዶርሴት ስትሪት። ከክራይስት ቸርች ቤተ ክርስቲያን ፊት ለፊት፣ በኮሜርሻል ስትሪት ማዶ ነበር። አሁን ትልቅ የመሥሪያ ቤት ሕንፃ ነው፤ አስጎብኚው ጣቱን ወደ መስታወት ይቀስራል፣ ሌላ የሚያሳየው የለውም። በአራት ፔኒ አንድ አልጋ ለአንድ ሌሊት የሚከራይባቸው የአዳር ቤቶች እዚህ ተደርድረው ነበር። የአልጋውን ኪራይ ማጣት ቻፕማንንና ኒኮልስን ሌሊት መንገድ ላይ እንዳስቀራቸው በምርመራው ተነግሯል፤ ሰፈሩን ለመረዳት ከቢላዋው ይልቅ ይህ አራት ፔኒ ይጠቅማል። ከአምስቱ ቤት ውስጥ የተገደለችው ኬሊ ብቻ ናት።

ቴን ቤልስ። ጥግ ላይ ያለው መጠጥ ቤት ከ1976 እስከ 1988 «ጃክ ዘ ሪፐር» ተብሎ ይጠራ ነበር፤ ተቃውሞ ሲበዛ የቀድሞ ስሙ ተመለሰ።

8. ጥያቄና ሥነ ሥርዓት

ጥያቄ በየቦታው ንግግሩ ሲያልቅ ይጠየቃል፣ በመሀል አይደለም፤ ረዘም ያለውን እየሄዱ አጠገቡ ሆነው ያንሡ። ሁለት ጥያቄ አስጎብኚውን ይለኩታል። አንደኛው ስሙ ከየት መጣ የሚል ነው። «ጃክ ዘ ሪፐር» የሚለው ፊርማ የመጣው ሴፕቴምበር 25 ቀን 1888 ተብሎ ለአንድ የዜና ወኪል ከተላከ ደብዳቤ ነው፤ ከፖሊሶቹ አንዳንዶቹ የጻፈው ጋዜጠኛ ነው ብለው ያምኑ ነበር። ሁለተኛው ስለ ሻሹ ነው፦ የኤዶውስ ነው በተባለ ሻሽ ላይ በተደረገ የዲኤንኤ ምርመራ ገዳዩ ኮስሚንስኪ ነው የሚል ዜና በ2014 እና በ2019 ተሰራጭቷል። ሻሹ በእርግጥ ከስፍራው የተገኘ ስለመሆኑ ማስረጃ የለም፣ ምርመራውም በባለሙያዎች ተተችቷል። «ጉዳዩ ተፈትቷል» ብሎ የሚደመድም አስጎብኚ ይህን አልነገረዎትም ማለት ነው።

ሟቾቹ ሁሉ ሴተኛ አዳሪዎች ነበሩ የሚለውንም እንደ ወረደ አይውሰዱ፤ ለአንዳንዶቹ ማስረጃው አከራካሪ ነው።

መንገዶቹ መኖሪያ ናቸው። የሰው በር ላይ ቆመው መግቢያ አይዝጉ፣ መስኮት ላይ ብርሃን አያብሩ፣ ግድያው ተፈጽሞበታል በተባለ ቦታ ላይ ተጋድሞ ፎቶ መነሣት የሚወድ ሰው በየቡድኑ አይጠፋም፣ እሱን አይሁኑ። በየሌሊቱ በመስኮታቸው ሥር ያንኑ ታሪክ የሚሰሙ ነዋሪዎች ሲቆጡ አስጎብኚው ድምፁን ዝቅ ያደርጋል፤ ያኔ የሚጎዳው ከኋላ የቆመው ነው።

9. ቡድኑ ሲበተን

ከፍለው ከገቡ ጉርሻ ግዴታ አይደለም፤ በጉርሻ ጉብኝት ግን 10 ፓውንድ ያህል ለጥሩ ሥራ ተገቢ ነው፣ ጥሬ ገንዘብ ይያዙ።

ጉልበት ከቀረዎት ወደ ማይተር ስኩዌር ይመለሱና ስቶፕዎቹን እንደገና ያስነሡ። ወደ ጎልስተን ስትሪት፣ ሳይቸኩሉ፣ ትልቁን መንገድ ተሻግረው ይሂዱ። መብራት ካልያዘዎት ሰባት ስምንት ደቂቃ ነው። ኮንስታብል ሎንግ 2:20 ላይም በዚያው በር አልፎ ነበር፤ ያኔ ሽርጡ እንዳልነበረ ተናግሯል። እውነቱን ከሆነ ከ1:45 እስከ 2:20 ድረስ ሌላ 35 ደቂቃ ይቀራል፤ ሰውየው በስምንት ደቂቃ የሚደረስበት ቦታ ላይ ቁራጩን እስኪጥል ድረስ፣ ሁለቱም የፖሊስ መሥሪያ ቤቶች በሚያስሱት ሰፈር ውስጥ የት ነበር? ወይስ ሎንግ በመጀመሪያው ዙር ወደ በሩ አልተመለከተም? ሰዓትዎን ያቁሙና ቁጥሩን ከዝርዝሩ ግርጌ ይጻፉት። ኦልድጌት ኢስት ከዚያ ሁለት ሦስት ደቂቃ ነው።